ስለ ልዕልት ሉዊዛ ማሪያ ስቱዋርት የጠየቃችሁኝ

በስደት ተወልዳ በስደት ስለሞተችው የእንግሊዝ ልዕልት ጠይቁኝ ብዬ ነበር፤ ጥያቄው ጎረፈ። የቻልኩትን ያህል እነሆ። ዓመቶቹ በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ጥያቄ፦ ለመሆኑ ማን ናት? ስሟን ሰምቼ አላውቅም።

መልስ፦ አይፈረድብህም። የንጉሥ ጄምስ 2ኛ የመጨረሻ ልጅ ናት። አባቷ በ1688 ዙፋኑን አጥቶ ወደ ፈረንሳይ ሸሸ። እሷ በጁን 1692 ፓሪስ አጠገብ፣ ሳን ዠርማን ቤተ መንግሥት ተወለደች። የክርስትና አባቷ ራሱ የፈረንሳይ ንጉሥ ሉዊ 14ኛ ነው። በ1712 ስትሞት ገና 19 ዓመቷ ነበር።

ጥያቄ፦ አባቷን ማን አባረረው?

መልስ፦ የገዛ ልጁና አማቹ! ሜሪ ከመጀመሪያ ሚስቱ የወለዳት ናት። ባሏ ዊልያም ከሆላንድ ጦር ይዞ መጣ። ጄምስ ካቶሊክ፣ አገሩ ግን ፕሮቴስታንት ነበር። ሕዝቡ የታገሠው ነገ ፕሮቴስታንቷ ሜሪ ትነግሣለች ብሎ ነው። በ1688 ሜሪን ቀድሞ የሚወርስ፣ ካቶሊክ ሆኖ የሚያድግ ወንድ ልጅ ሲወለድለት ግን ትዕግሥቱ አለቀ።

ጥያቄ፦ ያ ሕፃን የሌላ ሰው ልጅ ነው የተባለውስ?

መልስ፦ ይህቺን ጥያቄ ስጠብቃት ነበር። ተቃዋሚዎቹ «ንግሥቲቱ አልወለደችም፤ የሌላ ሰው ልጅ በአልጋ ማሞቂያ ደብቀው አስገቡላት» ብለው አስወሩ። ማሞቂያው ፍም የሚጨመርበት፣ እጀታው ረጅም የሆነ መጥበሻ መሳይ ዕቃ ነው። ሕፃን እንዴት እንደሚይዝ እንጃ! ወሬው ግን ሠራ። ስለዚህ ሉዊዛ ልትወለድ ስትል፣ ጄምስ እንግሊዝ ላሉ ፕሮቴስታንት ወይዛዝርት «መጥታችሁ ምጡን በዓይናችሁ እዩ» ብሎ ጻፈ። ዙፋኑን ለወሰደችበት ለሜሪ ሳይቀር! ሜሪ አልሄደችም። ጄምስ የጻፈው፣ እናትየው መውለድ እንደምትችል ከታየ የወንድ ልጁም ነገር ይጠራል ብሎ ነው። ምስኪኗ ሉዊዛ ገና ሳትወለድ ለወንድሟ ማስረጃ ሆነች ማለት ነው። አባቷ ግን በመከራችን ሰዓት እግዚአብሔር የላከልን ማጽናኛ ናት ይል ነበር።

ጥያቄ፦ በምን ይተዳደሩ ነበር?

መልስ፦ በሉዊ ድጎማ። በዓመት 600 ሺህ ሊቭር (የያኔው የፈረንሳይ ገንዘብ) ይሰጣቸው ነበር። ተከትሏቸው የተሰደደው ሰው ግን ብዙ ነው፤ ሁሉም እጃቸውን ያያል።

ጥያቄ፦ ለምን አላገባችም?

መልስ፦ የሉዊ የልጅ ልጅ፣ የቤሪው መስፍን፣ ታስቦላት ነበር። እሱ በ1710 ሌላ አገባ። ዙፋን ለሌላት ሙሽራ ገበያው ቀዝቃዛ ነው።

ጥያቄ፦ ምን ገደላት?

መልስ፦ ፈንጣጣ። በኤፕሪል 1712 ከወንድሟ ጋር አብረው ታመሙ፤ እሱ ተረፈ። ያቺ ሜሪም በ1694 የሞተችው በዚሁ በሽታ ነው። «ክትባት አልነበረም ወይ?» ላልሽው እህቴ፣ የጄነር ክትባት የመጣው በ1796 ነው።

ጥያቄ፦ መቃብሯ አለ?

መልስ፦ ፓሪስ ውስጥ በእንግሊዛውያን ቤኔዲክቲን መነኮሳት ቤተ ክርስቲያን፣ ከአባቷ ዘንድ ነበር ያረፈችው። የአባቷን ሬሳ ሳጥን አፈር አላለበሱትም። አንድ ቀን አገሩ ገብቶ የእንግሊዝ ነገሥታት በሚቀበሩበት በለንደኑ ዌስትሚንስተር ቤተ ክርስቲያን ይቀበራል ብለው መብራት እያበሩ አቆዩት። የፈረንሳይ አብዮት ሲመጣ መብራቱም ጠፋ፣ አጽሙም ጠፋ።