ይህ ሰው ስንት ሸሚዝ ያስፈልገዋል? የፊልም አልባሳት ሙያ ለምትመኙ

ይድረስ ለልጆቼ፣

የፊልም አልባሳት ዲዛይነር መሆን የምትፈልጉ ወጣቶች ስትመጡ ብዙውን ጊዜ ይዛችሁ የምትመጡት ስዕል ነው። አንገተ ረጅም ሴት፣ ወለል የሚጠርግ ቀሚስ፣ ጥግ ላይ የተለጠፈች የጨርቅ ቁራጭ። ስዕሉ አይጠላም። በለንደን የፊልም ሥራ ውስጥ እጃችሁን ይዞ የሚያስገባችሁ ግን እሱ አይደለም። አለቃችሁ ስክሪፕቱን ሰጥቶ «ይህ ሰው ስንት ሸሚዝ ያስፈልገዋል?» ሲላችሁ ትክክለኛውን ቁጥር ከነምክንያቱ መመለስ ከቻላችሁ ነው የምትገቡት።

የሙያው በር አንድ ብቻ አይደለም። ሳንዲ ፓወል ለንደን ውስጥ የቴአትር ዲዛይን መማር ጀምራ ሳትጨርስ ወጣች፤ ከዳንሰኛው ሊንዚ ኬምፕ ጋር ሠራች፤ ከዚያ በዳይሬክተሩ ዴሪክ ጃርማን «ካራቫጆ» (እ.ኤ.አ. 1986፤ ከዚህ በኋላ የምጠራቸው ዓመታትም እንዲሁ ናቸው) ወደ ፊልም ገባች። ዛሬ ሦስት ኦስካር አላት፤ በ2023 የብሪታንያ የፊልም አካዳሚ የባፍታን ከፍተኛ ክብር፣ ፌሎውሺፑን፣ ያገኘች የመጀመሪያዋ የአልባሳት ዲዛይነርም እሷ ናት። ጆን ሞሎ ደግሞ የወታደር ደንብ ልብስ ታሪክ አጥኚ ነበር። በዚያ እውቀት በ1977 ለወጣው «ስታር ዋርስ»፣ ቀጥሎም ከህንዳዊቷ ባኑ አታይያ ጋር ለ«ጋንዲ» ኦስካር ወሰደ። ጄኒ ቢቫን የመጀመሪያ ኦስካሯን በ1987 ከጆን ብራይት ጋር ተካፈለች፤ ሁለተኛው የመጣው በ2016 ነው። በመካከሉ 29 ዓመት አለ። የመጀመሪያው ለስስ ዳንቴልና ለገለባ ባርኔጣ ዘመን ፊልም፣ ሁለተኛው ለ«ማድ ማክስ» የበረሃ ቆዳና ብረት። «የእኔ ዘይቤ ይህ ብቻ ነው» የምትሉ ካላችሁ ይህን ልብ በሉት።

ስክሪፕት ሲደርሳችሁ ሦስት ጊዜ አንብቡት። መጀመሪያ እንደ ተመልካች፣ እርሳስ ሳትይዙ። ሁለተኛ የታሪኩን ቀናት ለመቁጠር፦ ትዕይንት 1 እስከ 6 ቀን አንድ፣ 7 እስከ 9 ቀን ሁለት እያላችሁ። ሌሊት አለፈ ወይስ አላለፈም የሚለውን ስክሪፕቱ ሁልጊዜ አይናገርም፤ ካልገባችሁ ጠይቁ እንጂ አትገምቱ። ሦስተኛ ልብሱ ላይ የሚደርሰውን ለመልቀም፦ ዝናብ፣ ደም፣ ጭቃ፣ እሳት፣ መቀደድ፣ ኮት አውልቆ ለሌላ ሰው ማልበስ። ይህን ሁሉ ወደ ሠንጠረዥ አውርዱት፤ ትዕይንቶቹ ወደ ታች፣ ገጸ ባሕርያቱ ወደ ጎን።

ሠንጠረዡ የሚያስፈልገው ፊልም በቅደም ተከተል ስለማይቀረጽ ነው። ትዕይንት 84 በመጀመሪያው ሳምንት፣ ትዕይንት 12 በስድስተኛው ሊሆን ይችላል። ሸሚዙ በ60ኛው ትዕይንት የሚቀደድ ከሆነና 60ኛው ከ20ኛው በፊት ከተቀረጸ፣ ያልተቀደደ ሌላ ሸሚዝ መኖር አለበት። አንድ ምሳሌ እናስላ። ተዋናዩ ዝናብ ውስጥ ይገባል። ቀረጻው ሲደገም በደረቅ ሸሚዝ መጀመር አለበት፤ አንዱ እስኪደርቅ ሌላው ይለበሳል፤ ስለዚህ ቢያንስ 3። ከዝናቡ በኋላ በቢላ ይወጋል፤ ደም የነካው ሸሚዝ ለቀጣዩ ሙከራ አይሆንም፤ ሌላ 3። የሚወድቅለት የስታንት ተዋናይ 2 ይለብሳል፤ እነሱም ከውስጥ መከላከያና የገመድ መታጠቂያ ስለሚኖር ሰፋ ብለው ይቆረጣሉ። ድምሩ 8። ለአንዱ 2.5 ሜትር ብትይዙ 20 ሜትር፣ ለስህተት 10 በመቶ ጨምራችሁ 22 ሜትር። ይህን ሁሉ ደግሞ በአንድ ቀን ከአንድ ጥቅል ግዙ። በሚቀጥለው ወር ያው ጨርቅ ከዚያው ሱቅ ቢመጣ የተነከረው በሌላ ገንዳ ነው፤ ዓይናችሁ ያልለየውን ልዩነት ካሜራው ይለየዋል። ከመቆረጡ በፊትም እጠቡት። ታጥቦ ያልጠበበ ጥጥ ዝናቡ ውስጥ ይጠብና እጅጌው ከእጅ አንጓ በላይ ይቀራል።

የድሮ ዘመን ልብስ ስትሠሩ ከውስጥ ጀምሩ። ጀማሪ ሁሉ የሚስተው እዚህ ነው፤ ቀሚሱን ይሰፋና ኮርሴቱን፣ ከቀሚስ ሥር ተጠብቆ የሚታሰረውን ጠንካራ የውስጥ ልብስ፣ መጨረሻ ላይ ያስባል። ኮርሴት ወገብን ብቻ አያጠብም፤ ደረትን ያነሳል፣ ጀርባን ያቀናል፣ አረማመድን ይለውጣል። ያለ ኮርሴት የተለካ ቀሚስ በኮርሴት ላይ ሲለበስ የወገቡ ስፌት ከቦታው ይሸሻል። ስለዚህ ቅደም ተከተሉ ኮርሴት፣ የውስጥ ቀሚስ ወይም ክሪኖሊን (ቀሚሱን ነፍቶ የሚይዝ ድጋፍ)፣ ጫማ፣ ከዚያ ልክ መውሰድ ነው። ጫማ ያልኩት ያለ ምክንያት አይደለም። ቅምቅማቱ የሚለካው ተረከዙ ከታወቀ በኋላ ነው፤ ተዋናይቷ በባዶ እግሯ ቆማ የተለካ ቀሚስ በቀረጻው ቀን ቁርጭምጭሚት ያሳያል። ኮርሴቱ ከኋላ ሲታሰር ሙሉ በሙሉ አይግጠም፤ 4 ወይም 5 ሴንቲ ሜትር ክፍተት ተዉለት፣ በሁለት ወር ቀረጻ ውስጥ ሰውነት ይከሳል ወይም ይወፍራልና። በልምምድ ጊዜም ለግማሽ ሰዓት እየለበሰች ትልመደው። በምሳ ሰዓት አላሉላት። ይህን የረሳ ረዳት ከሰዓት በኋላ የምትወድቅ ተዋናይት ይዞ ይገኛል።

ውዱ ጨርቅ ሳይነካ የሙከራው ልብስ በአቡጀዲ ይሰፋል። በአቡጀዲው ላይ በእርሳስ ጻፉ፣ ቅደዱ፣ በመርፌ ቁልፍ ያዙ። ተዋናዩን አስቀምጡት፣ እጁን ወደ ላይ አስነሡት፣ ፈረስ የሚጋልብ ከሆነ ወንበር ላይ እግሩን ከፍቶ ይቀመጥ። ቆሞ ብቻ የተለካ ኮት ሰይፍ ሲመዘዝበት ብብቱ ላይ ይተረተራል።

ስለ ጨርቅ ምርጫ ፊሊስ ዳልተን ለ«ሎውረንስ ኦፍ አረቢያ» (1962) ከሠራችው የተሻለ ትምህርት አላውቅም። ሎውረንስ የሚለብሰው ነጭ ልብስ ታሪኩ እየገፋ ሲሄድ እየሳሳ ይሄዳል፤ ከጋቢ ወደ ነጠላ፣ ከነጠላ ወደ ሻሽ እንደ መሄድ ቁጠሩት። ሰውየው እንደ ጥላ እየሳሳ መምጣቱን ተመልካቹ ምክንያቱን ሳያውቅ ይሰማዋል። ሳንዲ ፓወል ደግሞ በ«ዘ ፌቨሪት» (2018) የ18ኛው ክፍለ ዘመን ቤተ መንግሥት አገልጋዮችን ከአሮጌ ጂንስ በተሠራ ልብስ አለበሰቻቸው። በዚያ ዘመን ጂንስ እንደሌለ ጠፍቷት አይደለም። ብዙ የታጠበና የለፋ ጨርቅ በአገልጋይ ገላ ላይ እውነት ይመስላል። ታሪክን የምታፈርሱት ካወቃችሁት በኋላ ነው።

ጨርቁ ለዓይን ካማረ በኋላ ካሜራውና የድምፅ ባለሙያው የሚሉት አለ። ቀጫጭን መስመርና ጥቃቅን ዳማ በካሜራ ውስጥ ይንቀጠቀጣል፤ በሚቀረጽበት ካሜራ አስቀድማችሁ አስሞክሩት። ድፍን ነጭ ብርሃን ያንጸባርቅና ፊትን ያጠፋል፤ ስለዚህ በጣም በቀጠነ ግራጫ ቀለም ወይም በሻይ ውኃ ይሰበራል። ለሻይ ጥቁሩን ተጠቀሙ፤ ጨርቁን አስቀድማችሁ አርጥቡ፣ እያማሰላችሁ ንከሩ፣ አለዚያ ይዝጎረጎራል። የኪራይ ልብስ ላይ ግን ፈጽሞ! ከፋይ ስትቆርጡ ጸጉሩ በሁሉም ቁራጭ ላይ ወደ አንድ አቅጣጫ ይተኛ፤ አንዱ እጅጌ ከተገለበጠ የሁለት ኮት እጅጌ ይመስላል። ጠንከር ያለ ሐር ሲራመዱበት ይንሿሿል፤ ሹክሹክታ ባለበት ትዕይንት ተዋናዩ የተናገረው አይሰማም። የጫማው ሶል ላይ ጎማ ወይም ወፍራም ሱፍ ለጥፉ፤ ድምፅም ይቀንሳል፣ በድንጋይ ወለል ላይ መንሸራተትም።

አሁን ብዙ ሰው ወደሚንቀው፣ እኔ ግን የሙያው እምብርት ወደምለው ልግባ፦ ልብስን ማስረጀት። አዲስ ልብስ የለበሰ ገበሬ ፊልሙን በአንድ ሰከንድ ይገድለዋል። መጀመሪያ ልብሱን ሁለት ሦስት ጊዜ እጠቡት፣ የፋብሪካው ድርቀት ይልቀቀው። እርጥብ እያለ ኪሶቹን በድንጋይ ሙሉና ሌሊቱን ስቀሉት፤ ክርኑንና ጉልበቱን በገመድ እሰሩት። ሲደርቅ የሰው ቅርጽ ይይዛል። ከዚያ በብርጭቆ ወረቀት፣ በሽቦ ብሩሽ፣ በአትክልት መፈቅፈቂያ ፋቁት። የት? እዚህ ነው ማሰብ። የኪስ አፍ፣ የአንገትጌ እጥፋት፣ የእጅጌ ጫፍ፣ ክርን፣ ጉልበት፣ መቀመጫ። ሰውየው ቀኝ እጁን የሚጠቀም ከሆነ ቀኝ ኪሱ ይበልጥ ይለቅ። ቀለም የሚመጣው ከዚህ በኋላ ነው፤ የቀጠነ ቡናማና ግራጫ ከሩቅ እየተረጨ፣ በስስ ንብርብር፣ እያንዳንዱ እስኪደርቅ እየጠበቃችሁ። ላብ ከብብትና ከአንገት፣ ጭቃ ከቅምቅማት ወደ ላይ ይወጣል። ጀማሪ ቆሻሻውን በእኩል ይረጨውና ልብሱ የወታደር ዥንጉርጉር ይመስላል። ከመንገድ ያፈሳችሁትን አፈር አትጠቀሙ፤ የተዋናዩ ቆዳ ይቆጣል፣ ሲታጠብም ሄዶ ነገ ያው አይሆንም። አፈር የሚመስል ዱቄት ስትበትኑ የአፍና የአፍንጫ መሸፈኛ አድርጉ። ስምንቱ ሸሚዝ ጎን ለጎን ተሰቅሎ በአንድ ቀን ይረጅ፤ አንድ በአንድ ከሠራችሁት ስምንት የተለያየ ሸሚዝ ይሆናል። ሁልጊዜም ካሰባችሁት በታች አቁሙ። መጨመር ይቻላል፤ የተፋቀ ጨርቅ አይመለስም።

ስለ መጀመሪያ ሥራችሁ አጭር ቃል። ትምህርቱን በዊምብልደን የሥነ ጥበብ ኮሌጅ ወይም በለንደን የፋሽን ኮሌጅ ልትማሩት ትችላላችሁ፤ ነገር ግን ትምህርት ቤት የሄደም ያልሄደም የሚጀምረው በሠልጣኝነት፣ ልብስ በመተኮስና መለያ በመስፋት ነው። በለንደን ያላችሁ የኪራይ አልባሳት ቤቶች ውስጥ ሥራ ፈልጉ፤ ኤንጅልስ ከ1840 ጀምሮ፣ ጆን ብራይት የመሠረተው ኮስፕሮፕ ከ1965 ጀምሮ ያሉ ናቸው። በመጋዘን ውስጥ የምትሠሩበት አንድ ዓመት የ1870ዎቹን እጅጌ ከ1890ዎቹ በመዳሰስ ብቻ እንድትለዩ ያደርጋችኋል። ከአዲስ አበባ የምትጽፉልኝ ደግሞ መጋዘን የለም አትበሉ። ሱሪ ፍቱና መልሳችሁ ስፉ፤ ልብስ ሰፊ ዘንድ ተቀመጡ። ቀረጻ ቦታ ስትጠሩ ቦርሳችሁ ውስጥ መርፌና ክር፣ መርፌ ቁልፍ፣ ሜትር፣ መቀስ፣ በሁለት ጎኑ የሚለጠፍ ፕላስተር፣ የልብስ ብሩሽና ቋሚ ቀለም ያለው እስክሪፕቶ አይጥፋ።

እስክሪፕቶው ለመለያው ነው። ቀረጻው ሲያልቅ ልብሱ ሁሉ ይቆጠራል፣ ይታጠባል፣ የኪራዩ ወደ ባለቤቱ ይመለሳል፤ የደከመው ሠራተኛ የሚያሳጥረውም ይህንን ነው። በ«ስታር ዋርስ» ኦቢ ዋን የተባለው ገጸ ባሕርይ የለበሰው ቡናማ ካባ ኤንጅልስ መጋዘን ውስጥ ከሌሎች ካባዎች ጋር ለዓመታት ተሰቅሎ፣ እንደ ማንኛውም የመነኩሴ ልብስ ሲከራይ ቆይቶ ነው ማንነቱ የታወቀው፤ በ2007 ለንደን ውስጥ በጨረታ ተሸጠ። ስለዚህ በአንገትጌው ውስጥ በኩል፣ በጥጥ ጨርቅ ላይ፣ እንዲህ ጻፉ፦ የፊልሙ ስም፣ ዓመቱ፣ የገጸ ባሕርይው ስም፣ የልብሱ ቁጥር፣ ከስንቱ ስንተኛ እንደሆነ። ለምሳሌ፦ ሸሚዝ፣ 3 ከ8፣ ደም ያለበት።