ሽማግሌዎቹ «መዝገቡን ዝጊው» አሉኝ፣ ልፈርም?

ጥያቄ፦ ጤና ይስጥልኝ፣ የምኖረው አዲስ አበባ ነው፣ የሁለት ልጆች እናት ነኝ። 11 ዓመት በትዳር ኖረን አምና ባለቤቴ በር ዘግቶ ደበደበኝና ልጆቼን ይዤ እናቴ ጋ ገባሁ፣ ከዛ የፍቺ አቤቱታ አስገባሁ። ፍርድ ቤቱ ቤታችን እንዳይሸጥ እግድ ሰጥቶልኛል፣ ቀለብም ወስኖልኛል። አሁን የሱ ሽማግሌዎች ክሱን አንሺና በስምምነት ጨርሱ፣ ቤቱንም እኩል ያካፍልሻል ይሉኛል። ጎረቤቴ ደግሞ ፍቺውን ተዪውና በድብደባው ክሰሺው ትላለች። ሽማግሌዎቹ ያመጡት ወረቀት «ክሴን በፈቃዴ ስላነሳሁ መዝገቡ ይዘጋልኝ» ይላል። ብፈርምና በኋላ ቢክደኝ እንደገና መክሰስ እችላለሁ?

መልስ፦ እህቴ፣ እባክሽ ያን ወረቀት እንዳትፈርሚው። መስማማቱ ክፉ ሆኖ ሳይሆን ወረቀቱ ላይ የጎደለ ነገር ስላለ ነው። በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 278 ከሳሽ ክሱን በፈለገ ጊዜ ማንሳት ይችላል፣ ግን ፍርድ ቤቱን ሳያስፈቅድ ካነሳ በዛው ጉዳይ ሁለተኛ መክሰስ አይችልም፣ የተከሳሹን የክርክር ወጪም (ኪሳራ) ሊከፍል ይችላል። ፍቺ ስለሆነ አዲስ ምክንያት ተፈጥሯል ብለሽ ትከራከሪ ይሆናል፣ ግን ልጅ ይዘሽ እዛ ክርክር ውስጥ ለምን ትገቢያለሽ?

እኔን ከሁሉ በላይ ያሳሰበኝ እግዱ ነው። እግዱም ቀለቡም የቆሙት በዛ መዝገብ ላይ ነው፣ መዝገቡ ሲዘጋ አብረው ይሄዳሉ። አንዲት እናት የመዝጊያ ትእዛዙን በፌስታል አጣጥፋ ይዛ መጥታ ነበር፣ አንድ መስመር ተኩል ነው፣ ቤቱ ግን ካርታው በባልየው ስም ስለነበር ለሌላ ሰው የሽያጭ ውል ተፈጽሞበት ደረስን። የቤተሰብ ሕጉ የጋራ ቤት ያለ ሁለቱ ስምምነት አይሸጥም ይላል፣ ከተሸጠ ደግሞ ሽያጩን ማፍረሻው ጊዜ አጭር ነው፣ ውሉን ባወቅሽ በ6 ወር ውስጥ፣ ቢበዛ ውሉ ከተደረገ በ2 ዓመት ውስጥ ካልጠየቅሽ አለቀ።

ደግሞ ለመስማማት መዝገብ መዝጋት ማን አለ? የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ (አዋጅ 213/1992፣ አዲስ አበባና ድሬዳዋ የሚሠራው እሱ ነው፣ ክልል ያላችሁ የክልላችሁን ሕግ እዩ) ራሱ ዳኛው ባልና ሚስቱን እንዲያነጋግር፣ በመረጧቸው ሽማግሌዎች እንዲታዩ እንዲያደርግ፣ ከ3 ወር ያልበለጠ የማሰላሰያ ጊዜም እንዲሰጥ ይፈቅዳል። ስለዚህ ሽማግሌዎቹ ከልባቸው ከሆነ መዝገቡ ክፍት እያለ ይሥሩ። የተስማማችሁበትን፣ ቤቱ እንዴት እንደሚካፈል፣ ልጆቹ ማን ጋ እንደሚሆኑ፣ ቀለቡ በወር ስንት እንደሆነ ጽፋችሁ ሁለታችሁም ፈርማችሁ ለችሎቱ ታስገባላችሁ፣ ዳኛው የልጆቹን ጥቅም እንዳይጎዳ አይቶ ካጸደቀው እንደ ፍርድ ይፈጸማል። ያኔ ቢክድ አዲስ ክስ ሳይሆን አፈጻጸም ነው የምትከፍቺው፣ ማለትም ፍርድ ቤቱ የጸደቀውን እንዲያስፈጽምልሽ ትጠይቂያለሽ።

ጎረቤትሽ ስለ ድብደባው የምትለው ልክ ነው፣ ግን አንዱን ለመያዝ ሌላውን መጣል የለብሽም። በ1996ቱ የወንጀል ሕግ ቁጥር 564 በትዳር ጓደኛ ላይ የሚፈጸም ጥቃት ወንጀል ነው፣ ለፖሊስ ታመለክቺያለሽ፣ ክሱን የሚመሠርተው ዐቃቤ ሕግ ነው፣ ከፍቺው መዝገብ ጋር ጎን ለጎን ይሄዳል። ያኔ የታከምሽበት የሕክምና ማስረጃ ካለ አሁኑኑ ፈልጊው።

ይሄን ሁሉ አስበሽም ማንሳት ከፈለግሽ ማመልከቻው ላይ ምክንያትሽን ዘርዝሪና «ዳግም ክስ የማቅረብ መብቴ ተጠብቆ መዝገቡ ይዘጋልኝ» ብለሽ ጠይቂ። ፈቃዱን መስጠት የፍርድ ቤቱ ነው፣ ስለዚህ የትእዛዙን ግልባጭ ስትወስጂ ያ ቃል መኖሩን እዛው ቆመሽ አንብቢ። ጠበቃ ለመያዝ አቅም ካጠረሽ የኢትዮጵያ ሴት ሕግ ባለሙያዎች ማኅበር በነጻ ያግዛል፣ ከሚቀጥለው ቀጠሮሽ በፊት ሂጂ፣ ሽማግሌዎቹ የሰጡሽን ወረቀትም ይዘሽ ሂጂ፣ እነሱም ይዩት።