የቦስተን ሰዓት ለምን ክብረ ወሰን አልሆነም? (መልስ)

የቦስተን ማራቶን ሰዓት ለምን ክብረ ወሰን እንዳልሆነ ጠይቀህ፣ «ቁልቁለት ከሆነማ ቀላል ነው» ብለሃል። ሰዓቱ እንከን የለበትም፤ እንከኑ መንገዱ ላይ ነው። ኬንያዊው ጄፍሪ ሙታይ በ2011 እ.ኤ.አ. በአሜሪካው የቦስተን ማራቶን የሮጠው 2:03:02 የዓለም ክብረ ወሰን ያልሆነው፣ መንገዱ ለክብረ ወሰን የተደነገጉ ሁለት ደንቦችን ስለማያሟላ ነው።

1. በመነሻና በመድረሻ መካከል ያለው ቀጥተኛ ርቀት ከውድድሩ ግማሽ መብለጥ የለበትም። ቦስተን ግን ከከተማዋ ውጭ ካለችው ሆፕኪንተን ተነስቶ ወደ ምሥራቅ እንደ ተዘረጋ ገመድ ይሄድና ቦስተን ውስጥ ቦይልስተን ጎዳና ላይ ያበቃል። ነፋስ ከጀርባ ከመጣ እስከ መጨረሻው ይገፋል፤ የዚያን ቀንም የሆነው ይኸው ነው።

2. ቁልቁለቱ በአማካይ በኪሎ ሜትር ከ1 ሜትር በላይ መሆን የለበትም፤ በድምሩ 42 ሜትር ገደማ ማለት ነው። ቦስተን ግን ወደ 140 ሜትር ይወርዳል።

አዘጋጆቹ ግን መንገዱን ለእነዚህ ሁለት ደንቦች ብለው አልቀየሩትም፤ እኔም ደግ አደረጉ እላለሁ። በ1897 እ.ኤ.አ. ከሆፕኪንተን ጎረቤት ከአሽላንድ የተጀመረው ውድድር መነሻው ወደ ሆፕኪንተን የተዛወረው በ1924 እ.ኤ.አ. ነው፤ ያም ርቀቱን የማራቶን መለኪያ ወደሆነው 42.195 ኪሎ ሜትር ለማድረስ ነበር።

«ቁልቁለት ከሆነማ ቀላል ነው» ያልከውን ግን ተወው፣ ወንድሜ። እኔም እንዳንተ አስቤ የመጀመሪያውን 10 ኪሎ ሜትር ፈረስ ሆኜ ወረድኩት። ጭኔ ዋጋውን የከፈለው ከ26ኛው ኪሎ ሜትር በኋላ፣ መንገዱ በሚያልፍባት በኒውተን ከተማ ያሉት አራት ዳገቶች ሲመጡ ነው። «ልብ ሰባሪ» የሚሉትን የመጨረሻውን ዳገት በእግሬ እየተራመድኩ ጨረስኩት። ስትዘጋጅ ቁልቁለት መውረድንም ተለማመድ።