ሥዕሉ ለምን ተኮሳተረ?

ጥያቄ (ከደብረ ብርሃን)፦ የ18ኛው ክፍለ ዘመን የፈረንሳይ ሥዕል መጀመሪያ አካባቢ ሮዝ ቀለምና ፍቅር ነው፣ መጨረሻው ግን ሰይፍና ደም። መሃል ላይ ምን ተፈጠረ?

መልስ፦ ከፋዩና ተመልካቹ ተቀየሩ፣ እህቴ። እዚያው ሰሜን ሸዋ የቆዩ አብያተ ክርስቲያናት ውስጥ፣ ሥዕሉን ያሠራው ሰው ከእመቤታችን እግር ሥር ተደፍቶ አይተሽ ይሆናል። ገንዘብ ያወጣ ከሥዕሉ አይጠፋም! ፈረንሳዊው ሠዓሊ ፍራጎናር እ.ኤ.አ. በ1767 ገደማ «ዥዋዥዌ»ን ሲሥል ያዘዘው አንድ ቤተ መንግሥተኛ ነበር፤ ሴትዮዋ ትወዛወዛለች፣ ጫማዋ ይበራል፣ ወዳጇ ቁጥቋጦ ውስጥ ተጋድሞ ወደ ላይ ያያል። ሌላ ቁም ነገር የለውም (እኔ ግን እወደዋለሁ)።

በሌላ በኩል ከ1737 ጀምሮ ሉቭር በተባለው የፓሪስ ቤተ መንግሥት ውስጥ በየጊዜው የሚዘጋጀውን ኤግዚቢሽን ተራው ሰው ገብቶ ያይ፣ ያማም ነበር። ዲድሮን የመሰሉ ጸሐፊዎች ቁም ነገር ያለው ሥዕል ይሁን አሉ። በ1785 ሠዓሊው ዳቪድ ለሮም ሊሞቱ የሚምሉ ሦስት ወንድማማቾችን አሳየ። የሚገርመው፣ ሥዕሉ የታዘዘው በንጉሡ መንግሥት ነው፤ በ1793 ግን፣ በፈረንሳይ አብዮት ጊዜ፣ ይኸው ሠዓሊ ንጉሡ እንዲገደል ድምፅ ሰጠ! በዚያው ዓመት መታጠቢያ ገንዳው ውስጥ የተገደለውን አብዮተኛ ጋዜጠኛ ማራን እንደ ሰማዕት ሣለው፣ ሉቭርም የሕዝብ ሙዚየም ሆነ። በኋላ ደግሞ ዳቪድ ዞሮ የናፖሊዮን ሠዓሊ ሆነ፤ ከፋይ አይጠፋም ብዬሽ የለ?