እናቴን ይዤ ኤስኮሪያልና የወደቁት ሸለቆ ልሂድ ወይ?

ጥያቄ፦ ሰላም ለእናንተ ይሁን። የምኖረው ስቶክሆልም ነው። እናቴ ከአዲስ አበባ ልትጠይቀኝ መጥታ አንድ ሳምንት ማድሪድ ይዣት ልሄድ አስቤያለሁ። አንድ አስጎብኚ ድርጅት ጠዋት ከማድሪድ በአውቶቡስ ወስዶ የኤስኮሪያልን ገዳምና «የወደቁት ሸለቆ» የሚባለውን ቦታ አሳይቶ ማታ ይመልሳል። እናቴ ገዳም ስትሰማ ደስ ብሏታል። እኔ ግን ሁለተኛው ቦታ ላይ ልቤ አመነታ። ባለቤቴ «የስፔኑ አምባገነን ፍራንኮ ያሠራውን ሐውልት ከፍላችሁ ልታዩ ነው?» አለኝ። ሌላም ነገር አለ። የእናቴ ታላቅ ወንድም በቀይ ሽብር ጊዜ ከቤት ተወስዶ በዚያው ቀረ። ሬሳው እስከ ዛሬ አልተገኘም። እዚያ ሸለቆ ውስጥ ስም የሌላቸው ብዙ ሺህ ሰዎች ተቀብረዋል ሲባል ሰምቻለሁ። ትታመምብኝ ይሆን? ጉልበቷንም ያማታል፤ 71 ዓመቷ ነው። ምን ትመክሩኛላችሁ?

መልስ፦ እህቴ፣ ሂዱ። ሁለቱንም እዩ። ግን እናትሽ እዚያ ከመድረሳቸው በፊት የሚያዩት ምን እንደሆነ ይወቁ። አውቶቡሱ ውስጥ ሳይሆን ቀደም ብለሽ ቤት ውስጥ ቡና እየጠጣችሁ ንገሪያቸው። እኔ ሁለት ጊዜ ሄጃለሁ። ሁለቱ ጉዞዎች በጭራሽ አይመሳሰሉም ነበር፤ ለምን እንደሆነ እነግርሻለሁ። (የምጠቅሳቸው ዓመቶች በፈረንጆቹ አቆጣጠር ናቸው።)

ከኤስኮሪያል ልጀምር። ከማድሪድ በስተሰሜን ምዕራብ 50 ኪሎ ሜትር ያህል ነው፤ በጓዳራማ ተራራ ግርጌ። ያሠራው የስፔን ንጉሥ ዳግማዊ ፊሊፔ ነው። የመሠረት ድንጋዩ በ1563 ተጣለ፣ የመጨረሻው ድንጋይ በ1584 ገባ። እናትሽ የታሪክ ሰው ከሆኑ 1563 ማለት አፄ ሠርጸ ድንግል የነገሡበት ዓመት ነው በያቸው፤ ዘመኑ ወዲያው ይገባቸዋል። ፊሊፔ ሕንጻውን ለቅዱስ ሎሬንዞ የሰጠው ሠራዊቱ ፈረንሳዮቹን ሳን ኬንቲን ላይ ያሸነፈው በቅዱሱ በዓል ቀን፣ ነሐሴ 1557 ስለነበረ ነው። ቅዱስ ሎሬንዞ በብረት ፍርግርግ ላይ ተጠብሶ የሞተ ሰማዕት ነው። የሕንጻው ንድፍ ያንን ፍርግርግ ይመስላል ይባላል። ከላይ የተነሣውን ፎቶ ካያችሁ እውነትም ይመስላል።

ከውጭ ሲያዩት ቤተ መንግሥት አይመስልም። ግራጫ ግራናይት፣ ረጅም ግድግዳ፣ ትናንሽ መስኮቶች። ጌጥ የለውም። ውስጡ ግን ገዳም አለ፣ ቤተ ክርስቲያን አለ፣ ቤተ መንግሥት አለ፣ ቤተ መጻሕፍት አለ፣ መቃብርም አለ። ቤተ መጻሕፍቱ ጣሪያው በሙሉ በሥዕል የተሸፈነ ነው። መጻሕፍቱ ጀርባቸውን ወደ ውስጥ አዙረው፣ በወርቅ የተቀባው የገጾቻቸው ጠርዝ ወደ ውጭ ሆኖ ተደርድረዋል። ቆማችሁ እዩት፤ አስጎብኚዎች እዚህ ጋ ይቸኩላሉ።

እኔን ከሁሉ በላይ የነካኝ የፊሊፔ መኝታ ክፍል ነው። ያን ጊዜ በዓለም ላይ የእሱን ያህል ግዛት የነበረው ንጉሥ ጥቂት ነው። ክፍሉ ግን ጠባብ ነው። ሪህ ይዞት መራመድ ሲያቅተው በወንበር ተሸክመው ያመላልሱት ነበር። አልጋው ላይ ተኝቶ የቤተ ክርስቲያኑን መንበር በቀጥታ ያያል፤ ክፍሉ የተሠራው ለዚያ ነው። መስከረም 1598 ውስጥ እዚያው ሞተ። እናትሽ ይህንን ያለ ማንም ማብራሪያ ይረዱታል።

ከዚያ የነገሥታቱ መቃብር ነው። በእብነ በረድ ደረጃ ነው የሚወረደው፤ ለጉልበት የሚያስቸግረው እዚህ ነው። እጃቸውን ይዘሽ ቀስ ብላችሁ ውረዱ፣ ቡድኑ ይቅደማችሁ። ክፍሉ ስምንት ማዕዘን ነው። ግድግዳው ላይ 26 የእብነ በረድ ሳጥኖች በየረድፉ ተቀምጠዋል፣ እያንዳንዳቸው ላይ ስም በወርቅ ቀለም ተጽፏል። ነገሥታት በአንድ በኩል፣ ንጉሥ የወለዱ ንግሥቶች በሌላው በኩል። ሳጥኖቹ ትንንሽ ናቸው፤ እናትሽ ሰው እንዴት እዚህ ውስጥ ይገባል ብለው ይጠይቁ ይሆናል። አስከሬኑ መጀመሪያ ለጎብኚ በማይከፈት ክፍል ለብዙ ዓመታት ይቆያል። ሥጋው ሲያልቅ አፅሙ ወደዚህ ይመጣል። እኛ ፍልሰተ አፅም የምንለው ነው። ፊሊፔ ራሱም የአባቱን የቀዳማዊ ካርሎስን አፅም በ1574 ከዩስቴ ገዳም አስመጥቶ እዚህ አሳርፏል። ልጅ የአባቱን አጥንት በክብር አስመጣ። ይህንን ልብ በይው፤ ከሰዓት በኋላ ሌላ አፅም ማፍለስ ታያላችሁ።

ሸለቆው ከኤስኮሪያል 13 ኪሎ ሜትር ያህል ይርቃል። መስቀሉን ከሩቅ መንገድ ላይ ሆናችሁ ታዩታላችሁ። ቁመቱ 150 ሜትር ነው። ቤተ ክርስቲያኑ የታነጸ አይደለም፣ ተራራው ተፈልፍሎ ነው ወደ ውስጥ የገባው፤ ርዝመቱ 262 ሜትር። ላሊበላን ያየ ሰው ፍልፍል ሲባል ሌላ ነገር ይጠብቃል። ይኼ ዋሻ ነው። ቀዝቃዛና ጨለም ያለ። ነጠላ ብቻ አይበቃቸውም፣ ሹራብ ያዢላቸው።

ፍራንኮ እንዲሠራ ያዘዘው ሚያዝያ 1 ቀን 1940 ነው፤ የእርስ በርስ ጦርነቱን ባሸነፈ ልክ በዓመቱ። የተመረቀው በ1959፣ ያው ሚያዝያ 1 ቀን። ከሠራተኞቹ ውስጥ የፖለቲካ እስረኞች ነበሩበት። ሥራው የእስር ዘመን ይቀነስላቸዋል በሚል ሥርዓት ነበር። ድንጋይ ሲፈለፍሉ የዋጡት አቧራ ሳንባቸውን ጨርሶት የሞቱ አሉ።

አሁን እናትሽን ወደሚነካው ልምጣ። እዚያ ውስጥ ከ33,000 በላይ ሰዎች አፅም አለ። የምታዩት መቃብር ግን የለም። ከጎንና ከጎን ካሉት የጸሎት ክፍሎች ግድግዳ ጀርባ ነው ያሉት፣ በእንጨት ሳጥን። 12,000 ያህሉ ስማቸው አይታወቅም። ከ1959 ጀምሮ ከመላው ስፔን ከየመቃብሩና ከየጅምላ ጉድጓዱ እየተነሡ መጡ፤ ይህ እስከ 1983 ቀጠለ። አንዳንዶቹ የፍራንኮ ወታደሮች ናቸው። ሌሎቹ የፍራንኮ ሰዎች በየመንገዱ ዳር የገደሏቸው ናቸው፤ ከተጣሉበት ጉድጓድ ወጥተው ቤተሰባቸው ሳይጠየቅ፣ ሳይነገረው ወደዚህ መጡ። በሩ ላይ የተጻፈው ደግሞ «ለእግዚአብሔርና ለስፔን የወደቁ» ይላል። አባቱ በእነዚያው ሰዎች የተገደለበት ልጅ አባቱ እዚህ፣ በዚህ ጽሑፍ ሥር፣ ለዚያውም በፍራንኮ መቃብር አጠገብ እንዳለ ከአሥር ሃያ ዓመት በኋላ ሲያውቅ ምን ይሰማዋል? እኔ በሁለተኛው ጉዞዬ እዚያ ቆሜ ሳስበው እንባዬ መጣ። አላፈርኩበትም።

ለዚህ ነው ሁለቱ ጉዞዎቼ የተለያዩት ያልኩሽ። የመጀመሪያው አስጎብኚ ሃያ ደቂቃ ሙሉ የመስቀሉን ቁመት፣ የሐውልቶቹን ክብደትና የድንጋዩን ዓይነት ነገረን። ስለ ሙታኑ አንድ ቃል አልተናገረም። ግድግዳውን አልፌ ሄድኩ፣ ከጀርባው ሰው እንዳለ ሳላውቅ። ማታ ሆቴል ገብቼ ሳነብ ነው ያወቅኩት፣ በጣም ተናደድኩ። ስለዚህ ከመክፈልሽ በፊት ለድርጅቱ አንድ ጥያቄ ጻፊላቸው፦ «አስጎብኚያችሁ ስለተቀበሩት ሰዎችና ስለ እስረኞቹ ይናገራል?» መልሳቸው ከተድበሰበሰ ሌላ ድርጅት ፈልጊ።

የባለቤትሽን ነገር በተመለከተ፣ ስጋቱ ይገባኛል። ግን ፍራንኮ አሁን እዚያ የለም። ጥቅምት 24 ቀን 2019 አስከሬኑ ከመሠዊያው አጠገብ ወጥቶ በሄሊኮፕተር ሚንጎሩቢዮ ወደሚባል መቃብር ተወሰደ። ፋላንጅ የሚባለው የፋሺስት ፓርቲ መሥራች ሆሴ አንቶኒዮ ፕሪሞ ዴ ሪቬራም በሚያዝያ 2023 ወጣ። በ2022 የወጣው ሕግ ስሙን ወደ ድሮው የቦታው ስም፣ ወደ ኩኤልጋሙሮስ ሸለቆ መልሶታል። አስጎብኚዎችና የድሮ መጻሕፍት አሁንም «የወደቁት ሸለቆ» ይላሉ፤ ቦታው አንድ ነው። በ2023 ደግሞ የአስከሬን መርማሪዎች ገብተው፣ ቤተሰብ የጠየቀባቸውን አፅሞች በዘረመል ምርመራ እየለዩ ለየቤተሰቡ መስጠት ጀምረዋል። ከሰማንያ ዓመት በላይ ቆይቶ ማለት ነው። የልጅ ልጆች ናቸው የሚረከቡት።

ለእናትሽ መንገር ያለብሽ በተለይ ይህንን ነው። ወንድማቸው ያልተገኘባቸው ሰው ናቸውና፣ እዚያ ሄደው ዝም ብለው ግድግዳ ቢያዩ ሐዘን ብቻ ይዘው ይመለሳሉ። እየተፈለጉ እየተገኙ ያሉ ሰዎች እንዳሉ ካወቁ ግን ሌላ ነገር ነው። ያለቅሱ ይሆናል። ይልቀሱ። ቤተ ክርስቲያኑ የካቶሊክ ነው፣ እዚያው የሚኖሩ መነኮሳት አሉ፤ ቆሞ በልብ «ነፍስ ይማር» ማለትን የሚከለክል የለም። አልሄድም ካሉሽ ደግሞ አትጫኚያቸው። ኤስኮሪያል ከተማ ውስጥ ከገዳሙ ፊት ለፊት ካፌዎች አሉ፤ ቀኑን እዚያው ጨርሳችሁ ተመለሱ፣ በቂ ቀን ነው።

ሁለቱም ቦታዎች ሰኞ ዝግ ናቸው። ወደ መስቀሉ ሥር ያወጣ የነበረውን የገመድ ባቡር አትቁጠሩበት፣ ከቆመ ብዙ ዓመቱ ነው።

ጥያቄ፦ ቫሌንሲያ የምማር ተማሪ ነኝ፣ ኪሴ ባዶ ነው። የግድ በአስጎብኚ አውቶቡስ መሄድ አለብኝ?

መልስ፦ ወንድሜ፣ ለኤስኮሪያል የግድ አይደለም። ማድሪድ ሞንክሎዋ ከሚባለው ጣቢያ 661 እና 664 ቁጥር አውቶቡሶች ይሄዳሉ፣ አንድ ሰዓት ያህል ነው፤ ገዳሙ አጠገብ ያወርዱሃል። ባቡርም አለ፣ ነገር ግን ጣቢያው ከታች ነው፤ ዳገቱን በእግርህ ትወጣለህ። ጉልበት ካለህ ዳገቱ በዛፍ የተሞላ ነው፣ ደስ ይላል። ችግሩ ሸለቆው ነው። ከዋናው በር እስከ ቤተ ክርስቲያኑ ብቻ 6 ኪሎ ሜትር ያህል አለ፣ የሕዝብ ትራንስፖርቱም ጥቂት ነው። ከሦስት ጓደኞችህ ጋር መኪና ብትከራዩ ይቀልላችኋል። ብቻህን ከሆንክ ግን ለሸለቆው ስትል ጉብኝቱን ክፈል፤ እዚያ የሚያስረዳህ ሰው ያስፈልግሃል።

ጥያቄ፦ አባቴ የአርበኛ ልጅ ነው። «የስፔኑ ጦርነት ከእኛ ጋር ይገናኛል» ይለኛል። እውነት ነው?

መልስ፦ አባትሽ ትክክል ናቸው። ጣሊያን አዲስ አበባ የገባው በእኛ ሚያዝያ 27 ቀን 1928 ዓ.ም. ነው። የስፔን ጦርነት የተነሣው በዚያው ዓመት ሐምሌ ነው፤ ሦስት ወር እንኳ አልሞላም። ሙሶሊኒ ወዲያው ለፍራንኮ አውሮፕላን፣ ቀጥሎም በአሥር ሺዎች የሚቆጠር ሠራዊት ላከ። እኛን ከወጉት መኮንኖች ውስጥ ስፔን የዘመቱ አሉ። በፈረንጆቹ መጋቢት 1937 ጓዳላሃራ ላይ ተሸነፉ፤ የእኛ ሰዎች ከየካቲት 12ቱ ጭፍጨፋ አንድ ወር ሳይሞላቸው ማለት ነው። በሌላው ወገን ደግሞ ለኢትዮጵያ ሊዋጉ ፈልገው መንገድ ያጡ ጥቁር አሜሪካውያን ነበሩ። እነሱም ያንኑ ፋሺዝም ሊወጉ ስፔን ሄደው ፍራንኮ ከሚወጋው ከሪፐብሊኩ መንግሥት ጎን ተሰለፉ። እዚያው የቀሩ አሉባቸው።

ከዚያ በፊት ያለ ሌላም ግንኙነት አለ። ኤስኮሪያል ግንባታ በተጀመረ በዓመቱ፣ በ1564፣ ከማድሪድ በስተምሥራቅ ባለች ትንሽ መንደር የካቶሊክ ሚስዮናዊው ፔድሮ ፓኤዝ ተወለደ። ወደ ኢትዮጵያ ሲጓዝ ተይዞ የመን ውስጥ ለዓመታት ታሰረ፤ አገራችን የደረሰው በ1603 ነው። በአፄ ሱስንዮስ ዘመን የዓባይን ምንጭ ሰከላ ላይ በ1618 አይቶ ጽፏል፣ በ1622 እዚያው አገራችን ሞተ። መንደሩ ዛሬ ኦልሜዳ ዴ ላስ ፉኤንቴስ ትባላለች። ከኤስኮሪያል ተቃራኒ አቅጣጫ ናት፤ አባትሽን ይዘሽ ከመጣሽ ለእሷ ሌላ ቀን ያዢላት።