«ሀዳስ» ማለት አያቶቻችን የሚያውቁት ቅጠል ነው

እህቴ፣ ጥያቄሽን አየሁት። ለምትወለደው ልጃችሁ «ሀዳስ» የሚለውን ስም ወደሽዋል። ባለቤትሽ ደግሞ «ይሄ የትግርኛ ስም ነው፣ ዕብራይስጥ አይደለም» ብሎ ሞግቶሻል። እኔ ሀዳስ የምትባል ልጅ አለችኝ፤ ይሄ ክርክር እኛም ቤት ነበር።

ባለቤትሽ ከመሬት ተነስቶ አልተናገረም። በትግርኛ ሓዳስ አዲስ ማለት ነው፤ ኤርትራም ትግራይም የተለመደ ስም ነው። የዕብራይስጡ ግን ሌላ ነው፣ የተክል ስም ነው። ያውም የምናውቀው ተክል፤ አደስ! አገር ቤት ደርቆና ተወቅጦ ለፀጉር ቅቤ የሚገባው፣ ከአሪቲ ጋር ገበያ የሚወጣው አደስ።

እኔ ይህን ያወቅኩት ከአያቴ ነው። ሱኮት (የአይሁድ የዳስ በዓል) ሲደርስ እዚህ እስራኤል ገበያ ይዣት ወጣሁ። ለበዓሉ በእጅ የሚያዙት፣ ሀዳስም አንዱ የሆነባቸው አራቱ የተክል ዓይነቶች የሚሸጡበት ጠረጴዛ ጋ ወንዶቹ ተኮልኩለው ቅጠል ይመረምራሉ። ደህና ሀዳስ የሚባለው ከአንድ አንጓ ሦስት ቅጠል እኩል የወጣለት ነው፤ ሦስት ዘንግ ያስፈልጋል። አንዳንዱ ሰው አጉሊ መነጽር ሁሉ ይዞ ይመጣል። አያቴ መሬት ላይ የወደቀች አንዲት ቅጠል አነሳች። በጣቶቿ አሸት አሸት አደረገችና አሸተተቻት። «ውይ፣ ይሄማ አደስ ነው! ለዚህ ነው እንዲህ የሚጨነቁት?» ሻጩ ምንም አልገባውም፤ እኔ በሳቅ ሞትኩ።

አንቺም ሞክሪው። ዝም ብለሽ ብታሸቺው ብዙም አይሸትም፤ ስታሺው ነው ሽታው የሚነሳው። ቅጠሉን ወደ ብርሃን ብታደርጊው ጥቃቅን ነጠብጣብ ታያለሽ። ዘይቱ ያለው እዚያ ነው። ክረምት ከበጋ አይጠወልግም፤ አበባው ነጭ ነው፣ ፍሬው ወደ ጥቁር ያደላ ሰማያዊ። ብዙ ቤተሰብ ሰንበት ሲወጣ በሀቭዳላ (በመሰናበቻው ጸሎት) ላይ የሚያሸተውም እሱን ነው።

ወደ መጽሐፉ ስንመጣ አስቴር ሌላው ስሟ ሀደሳ ነው፤ መጽሐፈ አስቴር ምዕራፍ 2 ላይ ታገኚዋለሽ። የኛ የቤተ እስራኤል እናቶች አገር ቤት ሳሉ ፑሪምን (የአስቴርን በዓል) ሳያውቁ ጾመ አስቴርን ይጾሙ ስለነበር፣ ስሙ ለነሱ ባዕድ አይሆንም። ተክሉ ራሱ ግን በአማርኛው መጽሐፍ ቅዱስ «ባርሰነት» ተብሎ ስለተተረጎመ ብዙ ሰው ሳያውቀው ያልፋል። ኢሳይያስ 55 ላይ በኩርንችት ፋንታ የሚበቅለው ባርሰነት ይሄው ሀዳስ ነው። የአይሁድ ሊቃውንት በታልሙድ (በጥንቱ የሕግና የትርጓሜ መጽሐፋቸው)፣ አስቴር ለምን ሀደሳ ተባለች ብለው ተከራክረዋል። አንዱ «ረጅምም አጭርም አልነበረችም፣ እንደ ሀዳስ መካከለኛ ነበረች» ይላል። ይቺን ወድጃታለሁ፤ የኔዋ ቁመቷ ሲያስጨንቃት እነግራታለሁ።

አማትሽ ሃይማኖተኛ ከሆኑ ደግሞ ሌላውንም ሊያነሱብሽ ይችላሉ፤ በሚድራሹ (በሊቃውንቱ የመጽሐፍ ትርጓሜ) ሀዳስ ሽታ አለው፣ ጣዕም የለውም። መልካም ሥራ ያለው፣ ትምህርት የጎደለው ሰው ምሳሌ ነው። አትደንግጪ፤ ልጅሽ ዩኒቨርሲቲ ስትገባ ይረሱታል።

አንድ ነገር ግን ልምከርሽ። «ሀዳስ» በያት እንጂ እንደ አስቴር «ሀዳሳ» አትበያት። ሁለቱም አንድ ሥር ነው፤ ሀዳሳ ግን እዚህ የአሮጊት ስም ይመስላል። ያ ብቻ ቢሆን ባልከፋ፤ ሰው ሁሉ መጀመሪያ የሚያስበው ኢየሩሳሌም ያለውን ሆስፒታል ነው። ሆስፒታሉ ስሙን ያገኘው በ1912 እ.ኤ.አ. በፑሪም ሰሞን ኒው ዮርክ ላይ ሄንሪታ ሶልድ ከመሠረቱት የሴቶች ድርጅት ነው። ክቡር ስም ነው፤ ግን ልጅ «ዛሬ ስንት በሽተኛ ተቀበልሽ?» እየተባለች ማደግ የለባትም።

እኔ ስሙን የመረጥኩት ሽታውን ብዬ ብቻ አይደለም። የኛ ትውልድ እስራኤል ሲገባ ስሙን አስተማሪ ወይም ጸሐፊ ቀይሮበት ነው ያደገው። የኔን አዲሱን ስም አያቴ እስክታርፍ ድረስ በትክክል ጠርታው አታውቅም። ሀዳስን ግን አንዴ ሰምታ ያዘችው። «አደስ» ብላ ነበር የምትጠራት፤ ማንም አላረማትም።

ስታስመዘግቢ በዕብራይስጡ ፊደል በሄ (ה) አስጽፊ፤ በኼት (ח) ከጻፉት የባለቤትሽ ሓዳስ ይሆናል። ደግሞ እስራኤላውያን ሲፈጥኑ ሄዋን ይውጧትና «አዳስ» ይላሉ። አረብኛ ተናጋሪ ጎረቤት ካለሽ ይስቃል፤ በነሱ ቋንቋ «ዐደስ» ምስር ነው። የኛዋም ጎረቤት ልጄን «ምስሬ» ነው የምትላት፤ እሷም ለምዳዋለች።

ሌላ የምትጠይቂው ካለ እዚሁ ጻፊልኝ።