ከተሞላ በኋላ የማይታየው ብረት

ይድረስ ለምወዳችሁ ወጣቶች፤ ሰላምታዬ ካላችሁበት ይድረሳችሁ።

በ2017 ዓ.ም. ከአዋሽ ፈንታሌ አካባቢ የተነሣው የመሬት መንቀጥቀጥ አዲስ አበባ ድረስ በተሰማበት በአንዱ ሌሊት፣ አራት ኪሎ አካባቢ የምንኖር የአንድ ኮንዶሚኒየም ነዋሪዎች ጋቢና ብርድ ልብስ እየደረብን ወደ ግቢው ወረድን። እናቶች ይጸልያሉ፤ የነቁ ሕፃናት ያለቅሳሉ፤ ጎልማሶቹ ደግሞ ቀና እያሉ ሕንፃውን ያያሉ። በዚያ መካከል የዩኒቨርሲቲ ተማሪ የሆነች የጎረቤት ልጅ አጠገቤ ተቀመጠችና «ጋሼ፣ ሁሉም ነገር በአንድ ደቂቃ የሚፈርስ ከሆነ ጥሩ ሰው ለመሆን መድከም ምን ትርጉም አለው? አንዱ ጓደኛዬ ሃይማኖት ከሌለ ግብረገብ የለም ይላል፤ ሌላው ደግሞ ሃይማኖት ራሱ ፍርሃት ነው ይላል። እርስዎ ምን ይላሉ?» ስትል ጠየቀችኝ።

በዚያ ሌሊት አልመለስሁላትም። ከሠላሳ ዓመት በላይ በሕንፃ መሐንዲስነት ስሠራ የፈረምሁባቸው ኮለኖች፣ ማለትም የሕንፃ ምሰሶዎች፣ ሁሉ በዓይነ ሕሊናዬ ይመላለሱ ስለነበር ለሌላ ሐሳብ ቦታ አልነበረኝም። ከኮለኖቹ አንዱ ግን ጥያቄዋን ራሱን የያዘ በመሆኑ፣ ለእርሷም ለእናንተም የምጽፈው ስለ እርሱ ነው።

የአርማታ ሥራን የማታውቁ ስለምትኖሩ ጥቂት ላስረዳ። በኮለን ውስጥ ቀጥ ብለው የሚቆሙ ወፋፍራም ፌሮዎች አሉ፤ እነርሱን በየተወሰነ ርቀት ዙሪያቸውን የሚያስሩ ቀጫጭን ብረቶች ደግሞ ስታፋ ይባላሉ። ሕንፃው ሲወዛወዝ ቋሚዎቹ ብረቶች ጎብጠው እንዳይወጡና ኮለኑ እንዳይቆረጥ የሚይዙት እነዚህ ስታፋዎች ናቸው። አርማታው የሚፈስበት ቅርጽ ተዘግቶ ከተሞላ በኋላ ግን ስታፋው ምን ያህል እንደተቀራረበ ማንም አያየውም። ከዚያው አርማታ የተወሰዱ ናሙናዎች በ7ኛውና በ28ኛው ቀን በመጭመቂያ መሣሪያ ይፈተሻሉ፤ እነርሱም ቢሆኑ የአርማታውን ጥንካሬ እንጂ በውስጡ የተቀበረውን ብረት አይናገሩም። ስለዚህ በላዩ የሚተኙት ሰዎች ሳያውቁት የሚታመኑት ባሰረው ሠራተኛና በፈተሸው መሐንዲስ ቃል ነው።

የዛሬ ሠላሳ ዓመት ግድም ሜክሲኮ አካባቢ የአንድ ባለ አምስት ፎቅ መኖሪያ ሕንፃ ተቆጣጣሪ ነበርሁ። አንድ ቀን መሽቶ፣ ሰማዩ ለዝናብ ጠቁሮ፣ አርማታውም መቦካት ጀምሮ ሳለ ፎርማኑ «ሁሉም ተስተካክሏል» አለኝ፤ እኔም ወርጄ ሳላይ የመሙያውን ፈቃድ ፈረምሁ። በማግስቱ ጠዋት ፌሮ በማሰር የሚተዳደር አንድ በዕድሜ የገፋ የቀን ሠራተኛ ወደ ጥግ ጠራኝና «ኢንጂነር፣ ትናንት የሞላነው የማዕዘኑ ኮለን ከሥር በኩል ስታፋው ጎድሏል። በ10 ሳንቲ ሜትር የተባለው በ25 ነው የታሰረው» አለኝ። መናገሩ ቢታወቅ በዚያው ቀን ከሥራው ሊባረር ይችል ነበር። እኔ ግን በማመስገን ፋንታ «ማን አየው?» ብዬ ጠየቅሁት። «አላህ አይቷል፤ እኔም አይቻለሁ» ሲል መለሰልኝ።

ለሁለት ቀን ዝም አልሁ። በእነዚያ ሁለት ቀናት ያደረግሁትን ሳልደብቅ የምነግራችሁ፣ በሕይወቴ ከሠራሁት ስሕተት ሁሉ ይበልጥ ያስተማረኝ እርሱ ስለሆነ ነው። መጀመሪያ ምክንያት መደርደር ጀመርሁ፦ ንድፍ አውጪው ለደኅንነት ብሎ ትርፍ አቅም ጨምሯል፤ ሌላውም ሰው እንዲሁ ያደርጋል፤ በከተማችን ብርቱ የመሬት መንቀጥቀጥ ይደርሳል ብሎ የሚጠብቅ የለም። ሰው ከግዴታው ለመሸሽ ሲፈልግ ያህል ፈላስፋ የሚሆንበት ጊዜ እንደሌለ ያን ጊዜ ተረዳሁ። ከዚያ ደግሞ ልደታ ቤተ ክርስቲያን ገብቼ ሕንፃው እንዲጸና ጸለይሁ። እግዚአብሔርን የለመንሁት እኔ ልሠራው የሚገባኝን ሥራ በእኔ ምትክ እንዲሠራልኝ ነበር። ፍልስፍናዬም ጸሎቴም መሸሸጊያ ሆነውኝ ነበር። በሦስተኛው ቀን ኮለኑ እንዲፈርስ በሳይቱ መዝገብ ላይ ጻፍሁ፤ ቁጣውንም ወጪውንም ኪሳራውንም ተከትሎ የመጣውን ሁሉ ቻልሁ።

የዚያ ሽማግሌ መልስ ግን ከዚያን ጊዜ ጀምሮ አብሮኝ ኖሯል። አላህ ማየቱ ከበቃ «እኔም አይቻለሁ» ማለት ለምን አስፈለገ? የእርሱ ማየት ከበቃስ አላህን ለምን አስቀደመ? ይህ ጥያቄ ከሁለት ሺህ አራት መቶ ዓመት ገደማ በፊት የነበረ ነው። ፕላቶን እንደጻፈው ሶቅራጥስ ኤውቲፍሮን የተባለውን ሰው፣ ቅዱስ የሆነውን ነገር አማልክት የሚወዱት ቅዱስ ስለሆነ ነው ወይስ ቅዱስ የሚሆነው እነርሱ ስለወደዱት ነው ብሎ ጠይቆት ነበር። ነገሩ መልካም የሚሆነው በትእዛዝ ብቻ ከሆነ፣ ጭካኔም ቢታዘዝ መልካም ሊባል ነው፤ አስቀድሞ በራሱ መልካም ከሆነ ደግሞ ትእዛዙ ከምን ላይ ቆመ ያሰኛል። በእስልምና ሊቃውንት መካከል ሙዕተዚላዎች መልካሙንና ክፉውን አእምሮ ሊያውቀው ይችላል ሲሉ፣ አሽዐሪዎች ደግሞ መልካምነት የሚታወቀው በአላህ ትእዛዝ ነው ብለው ተከራክረዋል። በእኛ ቤተ ክርስቲያን ትምህርት ደግሞ ከሙሴ ሕግ በፊት የነበሩት ሰዎች በሕገ ልቡና ይመሩ ነበር ይባላል፤ ሐዋርያው ጳውሎስም ሕግ ያልተሰጣቸው አሕዛብ የሕጉ ሥራ በልባቸው እንደተጻፈ ለሮሜ ሰዎች ጽፏል። እኔ ይህን ሕገ ልቡና የሚለውን ቃል ከሌላው ሁሉ አስበልጬ እወደዋለሁ። የሚያምነውም የማያምነውም የሚገናኝበትን ቦታ ስለሚያሳየኝ ነው፤ ያ ሽማግሌ አላህን ጠርቶ ወዲያው ራሱን የጠራው ከዚያው ቦታ ላይ ቆሞ ይመስለኛል።

ልቡና የሚለው ቃል ዘርዐ ያዕቆብ በተባለ ፈላስፋ ስም ለሚታወቀው የፍልስፍና ጽሑፍ፣ ለሐተታም መሠረት ነው። ሐተታውን የጻፈው ራሱ ኢትዮጵያዊው ሊቅ ነው ወይስ በ19ኛው መቶ ዘመን አገራችን የነበረው ጣሊያናዊ መነኩሴ በሚለው ላይ ሊቃውንት እስከ ዛሬ ይከራከራሉ፤ በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የፍልስፍና መምህር የነበሩት ክላውድ ሰምነር ለኢትዮጵያዊነቱ ብዙ ደክመዋል። የጸሐፊው ማንነት እንዳለ ሆኖ፣ ታሪኩ የተቀመጠበት ዘመን እውነተኛ ነው፦ ዐፄ ሱስንዮስ ወደ ካቶሊክ እምነት በመግባታቸው ብዙ ደም ፈሶ፣ በመጨረሻ እ.ኤ.አ. በ1632 ዙፋኑን ለልጃቸው ለፋሲለደስ ለቀቁ። ሁሉም የእኔ ሃይማኖት ቀና ነው እያለ ሲገዳደል፣ አንድ ሰው ዋሻ ገብቶ ማን ይፈርዳል ብሎ ሲጠይቅ ማንበብ ለእናንተ ዕድሜ የሚጠቅም ነው።

ደም የሚፈሰው ግን በሃይማኖት ስም ብቻ አይደለም። እኔ አምስት ኪሎ ከነበረው የቴክኖሎጂ ፋኩልቲ ወጥቼ በ1967 ዓ.ም. ለእድገት በኅብረት ዘመቻ ከዘመቱት ተማሪዎች አንዱ ነኝ። አብረውኝ ከዘመቱት መካከል ሃይማኖትን የተዉ ነበሩ፤ የመጨረሻ ቁራሽ ዳቧቸውን ለባላገር ልጅ ሲሰጡ በዓይኔ አይቻለሁ። ከእነርሱ ጥቂቶቹ በቀይ ሽብር አልቀዋል። የገደሏቸውም ቢሆኑ ለሰፊው ሕዝብ ጥቅም እንደገደሉ ይናገሩ ነበር። መስቀል አደባባይ ባለው የቀይ ሽብር ሰማዕታት መታሰቢያ ሙዚየም ገብታችሁ ፎቶግራፎቹን ብታዩ፣ ብዙዎቹ የእናንተ እኩዮች ናቸው። በዚያ ፊት ስቆም ጀርመናዊው ፈላስፋ ካንት እ.ኤ.አ. በ1785 የጻፈው ሐሳብ ይታወሰኛል፤ ሰውን ለሌላ ግብ መድረሻ መሣሪያ ብቻ አድርገህ አትጠቀምበት ይላል። ገዳዩ ያደረገውና እኔ ያንን ፈቃድ ስፈርም ያደረግሁት በመጠን አይወዳደሩም፤ ነገር ግን በላይኛው ፎቅ የሚተኛው ተከራይ ሳይጠየቅና ሳያውቅ የእኔን የአንድ ምሽት ዕረፍት በሕይወቱ እንዲከፍል ፈርጄበት ነበር።

ስለዚህ ልጆቼ፣ መልካምነት ከየት መጣ የሚለውን ክርክር ውደዱት፣ አንብቡ፣ ተከራከሩ፤ መልካም ለመሥራት ግን ክርክሩ እስኪቋጭ አትጠብቁ። እኔ አማኝ ነኝ፤ እምነቴ በሐዘንም በደስታም ተሸክሞኛል፤ ያለ እርሱ ምን እሆን እንደነበር ማሰብ አልፈልግም። ሆኖም አምናለሁ ማለቴ ስታፋ አልቆጠረልኝም። አርስጣጣሊስ ሰው ግንበኛ የሚሆነው በመገንባት ነው፣ እንዲሁም ፍትሐዊ የሚሆነው ፍትሐዊ ሥራ በመሥራት ነው ብሏል፤ ክፉ የሚገነባም ክፉ ግንበኛ ሆኖ ይቀራል። ይህን እንደ ባለሙያ እመሰክራለሁ፤ ሁለተኛውን ኮለን ወርዶ መፈተሽ ከመጀመሪያው ይቀላል፤ ሁለተኛውን ሳያዩ መፈረምም እንዲሁ ይቀላል።

አሁን ወደ ልጅቷ ዋና ጥያቄ ልምጣ፤ ሁሉም የሚፈርስ ከሆነ ምን ትርጉም አለው? መጽሐፈ መክብብ «ከንቱ፣ ከንቱ፣ ሁሉ ከንቱ ነው» ሲል ይህን ጥያቄ ሳያለሳልስ ይጋፈጠዋል፤ በሃይማኖት መጽሐፍ ውስጥ መገኘቱም እምነት ጥያቄን እንደማይፈራ ያሳየኛል። በ2016 ዓ.ም. የፒያሳ አሮጌ ሰፈሮች ሲፈርሱ፣ በወጣትነቴ ቡና የጠጣሁባቸውንና ጓደኞቼ የተዳሩባቸውን ቤቶች በቦታቸው ሳጣ ልቤ ተነክቷል። ነገር ግን በእነዚያ ቤቶች ውስጥ ልጆች አድገዋል፣ በሽተኞች ተጠይቀዋል፣ የዕድር ድንኳን ተተክሎ ሐዘንተኞች ተጽናንተዋል። ግድግዳው ስለፈረሰ ያ ሁሉ አልተደረገም አይባልም። አሜሪካዊው ፈላስፋ ቶማስ ናጌል እ.ኤ.አ. በ1971 እንደተከራከረው፣ ዛሬ የምናደርገው ከሚሊዮን ዓመት በኋላ ዋጋ ከሌለው፣ በዚያው ሚዛን ከሚሊዮን ዓመት በኋላ የሚሆነውም ለዛሬ ዋጋ የለውም። እኔ በዘለዓለም ሕይወት ስለማምን ከእርሱ ጋር በብዙ ነገር አልስማማም፤ በዚህ ግን እውነት አለው። ሕንፃ የሚሠራው ለዘለዓለም እንዲቆም አይደለም፤ በቆመበት ዘመን ሁሉ በውስጡ ያለው ሰው በሰላም እንዲያድር ነው።

ከመሬት መንቀጥቀጡ ሌሊት በማግስቱ በታክሲ ወደ ሜክሲኮ ሄጄ ያንን ሕንፃ አየሁት። የማዕዘኑ ኮለን ልስኑ እንኳ አልተሰነጠቀም፤ ሥሩ ላይ አንዲት ሴት ጀበናዋን ጥዳ ቡና ትሸጣለች። ሽማግሌው ካረፈ ዓመታት አልፈዋል፤ ኮልፌ በቀብሩ ላይ ቆሜያለሁ።

ይህን ደብዳቤ መጀመሪያ ያነበብሁላት ለጎረቤቴ ልጅ ነው። እስከ መጨረሻው በጸጥታ ካዳመጠችኝ በኋላ፣ «ሰውየው ባይነግርዎ ኖሮ ያፈርሱት ነበር?» ስትል ጠየቀችኝ።

«አላፈርሰውም ነበር፤ ስላላየሁት አላውቅምና» አልኋት። «ያላየሁትም ላለማየት መርጬ ነው።»